የከሰልና የብረት ሴቶች በቀድሞው ሲኒማ

የሲኒማን ታሪክ የሚጽፉ ሁሉ ከአንድ በር ይነሣሉ። በሩ በፈረንሳይ አገር በሊዮን ከተማ፣ ሞንፕሌዚር በሚባለው ሰፈር የነበረው የሉሚየር ወንድማማቾች ፋብሪካ በር ነው። በ1895 (በዚህ ጽሑፍ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ሉዊ ሉሚየር ካሜራውን ከበሩ ፊት ለፊት ተከለና ሠራተኞቹ ሲወጡ ቀረጸ። ፊልሙ አንድ ደቂቃ አይሞላም። በዚያው ዓመት ማርች 22 ቀን ፓሪስ ላይ ለተጋበዙ እንግዶች ታየ፤ ዲሴምበር 28 ቀን ደግሞ በግራን ካፌ ምድር ቤት ገንዘብ ለከፈለ ተመልካች ቀረበ። የሊዮኑ ፋብሪካ የነበረበት መንገድ ዛሬ «የመጀመሪያው ፊልም ጎዳና» ተብሎ ይጠራል።

መጻሕፍቱ ፊልሙን «ሠራተኞች ከፋብሪካ ሲወጡ» ይሉታል። ሠራተኛ የሚለው ቃል ጾታ አይለይም ይባላል። ለነገሩ በእኛም አገር «ወዛደር» የተባለ እንደሆነ ብዙዎቻችን ዓይን ላይ ድቅን የሚለው እጅጌውን ሰብስቦ መዶሻ የጨበጠ ወንድ ነው። ፊልሙን ልብ ብሎ ያየ ሰው ግን ከበሩ ከሚወጡት መካከል የሚበዙት ሴቶች መሆናቸውን ያስተውላል። ረጅም ቀሚስ የለበሱ፣ ሽርጥ የታጠቁ፣ ባርኔጣ የደፉ፣ በጥድፊያ የሚሄዱ ሴቶች ናቸው። አንዷ የጓደኛዋን ቀሚስ ከኋላ ሳብ አድርጋ ትሄዳለች። ብስክሌት የያዘ ወንድና አንድ ትልቅ ውሻም አሉ። ስለ ውሻው ብዙ ተጽፏል፤ ስለ ሴቶቹ የተጻፈው ያን ያህል አይደለም።

ይኸው ፊልም ሦስት ዓይነት ሆኖ ነው የቆየን። በሦስቱም ሠራተኞቹ ከዚያው በር ይወጣሉ፤ ልብሳቸውና የፀሐዩ ብርሃን ግን ይለያያል። እንግዲህ ሴቶቹ የወጡት የሥራ ሰዓት ስላለቀ ብቻ ሳይሆን አለቃቸው «ውጡ» ስላላቸውም ነው ማለት ነው። ቀራጩና ቀጣሪው አንድ ሰው ነበርና። የሴቶችን የፋብሪካ ሥራ የሚያሳዩ የቀድሞ ፊልሞችን ባየሁ ቁጥር አስቀድሜ የምጠይቀው ጥያቄ ከዚህ የመጣ ነው፤ ለካሜራው የከፈለው ማን ነው?

ሌላም ነገር አለ። የሉሚየር ፋብሪካ የሚያመርተው የፎቶግራፍ መስታወት ነበር። ጄላቲንና የብር ውሁድ የተቀባ መስታወት ብርሃን ካገኘው ይበላሻል። ስለዚህ ሥራው የሚከናወነው በጨለማ፣ ቢበዛ በደብዛዛ ቀይ መብራት ነው። ያ ካሜራ ደግሞ የቀን ፀሐይ ካላገኘ አይቀርጽም። ሴቶቹ ቀኑን ሙሉ የሚውሉበትን ክፍል ካሜራው ቢፈልግም ሊያየው አይችልም ነበር። የታየው በር ላይ ሲደርሱ ነው።

የመስታወት ፋብሪካ ግን እንደ ከባድ ኢንዱስትሪ አይቆጠርም። ከባድ ኢንዱስትሪ ስንል ከሰል፣ ብረት፣ ማቅለጫና ትልልቅ ማሽን ማለታችን ነው። በዚያ ዓለም ሴት ምን ትሠራለች? የሚል ሰው ዛሬም አይጠፋም። ካሜራው በር ላይ መቆሙን ትቶ ወደ ውስጥ ለመግባት አሥር ዓመት አልፈጀበትም፤ እዚያም ሴቶቹን አገኛቸው።

በ1904 ጸደይ ቢሊ ቢትዘር የተባለ ካሜራ አንሺ ባዮግራፍ ከተባለው የፊልም ኩባንያ ተልኮ፣ በአሜሪካ ፒትስበርግ አካባቢ ወደነበሩት የዌስቲንግሃውስ ፋብሪካዎች ገባ። ቢትዘር ኋላ የግሪፊዝ ዋና ካሜራ አንሺ ሆኖ ስሙ የገነነ ሰው ነው። ያን ጊዜ ካነሣቸው አጫጭር ፊልሞች 21ዱ በዋሽንግተን የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ተቀምጠዋል፤ ዛሬ ማንም በኢንተርኔት ሊያያቸው ይችላል። እኔም ደጋግሜ አይቻቸዋለሁ።

የአዳራሹ ብርሃን ለዚያ ዘመን ፊልም ስለማይበቃ ቢትዘር ኩፐር ሂዊት በሚባሉ የሜርኩሪ መብራቶች ተጠቀመ። የመብራቶቹ ኩባንያም በዌስቲንግሃውስ ገንዘብ የተደገፈ ነበር። ብርሃናቸው ቀይ የሌለበት፣ ወደ ሰማያዊና አረንጓዴ የሚያደላ ነው። የዘመኑ ፊልም የሚወደው ይህንኑ ሰማያዊ ብርሃን ነበር፤ በዚያ ብርሃን ሥር ለቆመ ሰው ግን የጎረቤቱ ፊት የሬሳ ፊት ይመስላል። በጥቁርና ነጩ ፊልም ላይ ይህ ከቶ አይታወቅም። ሁሉም ንጹሕ፣ ሁሉም ብሩህ ነው።

ከፊልሞቹ የሚበዙት የወንዶች ናቸው። በእንፋሎት የሚሠራው መዶሻ የጋለውን ብረት ይቀጠቅጣል፤ ከማቅለጫው ምድጃ ቀልጦ የወጣ ብረት ይፈሳል፤ ካሜራው በክሬን ላይ ተሳፍሮ በረጅሙ አዳራሽ አናት ላይ ሲንሳፈፍ ከሥሩ ሰዎቹ እንደ ጉንዳን ይታያሉ። ሴቶቹ ዘንድ ስንደርስ ካሜራው ይረጋጋል። ነጭ ሸሚዝና ረጅም ቀሚስ የለበሱ፣ ጸጉራቸውን ወደ ላይ የሰበሰቡ ሴቶች በረድፍ ሆነው ለኤሌክትሪክ ሞተርና ለጄኔሬተር የሚሆን ሽቦ ይጠቀልላሉ። በከተማችን የተቃጠለ ሞተር የሚጠቀልሉ ባለሙያዎችን ቆሞ ያየ አንባቢ ሥራው ምን እንደሚጠይቅ ያውቃል። ዙሩ መቆጠር አለበት፤ ሽቦው መላላትም መጨነቅም የለበትም፤ ሽፋኑ አንድ ቦታ ከተላጠ ሞተሩ ይቃጠላል። እነዚያ በክሬን የሚነሡ ግዙፍ ማሽኖች ነፍስ የሚዘሩት ሴቶቹ ባሠሩት ሽቦ ነው።

ስለ ሴት ልጅ ጣት ቅልጥፍና ያን ጊዜም ብዙ ይባል ነበር። ጣታቸው ቀልጣፋ መሆኑ እውነት ነው፤ ርካሽ መሆኑም እውነት ነው። ኤልዛቤት በትለር የተባለች ተመራማሪ በ1907 እና በ1908 የፒትስበርግን ሴት ሠራተኞች አጥንታ በ1909 መጽሐፍ አውጥታለች። ከ22 ሺህ በላይ ሴቶች በሚሠሩባቸው ቤቶች እየዞረች ያየችውን ነው የጻፈችው። አብዛኞቹ በሳምንት ከሰባት ዶላር በታች እንደሚያገኙ፣ ይህም ለብቻዋ ለምትኖር ሴት እንደማይበቃ አሳይታለች። በብረት ማቅለጫ ቤቶች ውስጥ ለቅርጽ ማውጫ የሚሆን አሸዋ የሚጠፈጥፉ፣ በአቧራና በምድጃ ሙቀት መካከል የሚውሉ ሴቶችንም አግኝታለች። በቢትዘር ፊልሞች ውስጥ እነዚህ የሉም። ፊልሞቹ የተነሡት በሴንት ሉዊስ በ1904 በተከፈተው ዓለም አቀፍ ትርኢት ላይ፣ ኩባንያው በራሱ አዳራሽ ለጎብኚ ሊያሳያቸው ነዋ! እንግዳ የሚቀበል ሰው ሳሎኑን እንጂ ጓዳውን አያስጎበኝም።

ከሁሉ የማልረሳው ግን ሴቶቹ ምንም የማይሠሩበትን ፊልም ነው። ሴቶቹ ተራ ይዘው በካሜራው ፊት እያለፉ ቁጥር ያለበትን የሥራ ሰዓት ምልክታቸውን ያነሣሉ። ሌላ ነገር የለውም። አንዷ ቀና ብላ ታያለች፤ ሌላዋ ፈገግ ትላለች፤ ሌላዋ እንዳላየች ሆና ታልፋለች። ኩባንያው ሊያሳይ የፈለገው ሥርዐቱን ነው። እኔ ግን ያየሁት ብዙ የተለያዩ ሰዎችን ነው። ከአሥር ዓመት በኋላ፣ በ1914፣ በዚያው ፋብሪካ ሺዎች ሥራ አቁመው ሲወጡ ሴቶቹም አብረው ወጥተዋል፤ ከሰልፉ መሪዎች አንዷ ብሪጅት ኬኒ የተባለች ሴት ነበረች።

ከፒትስበርግ ሽቦ ወደ እንግሊዝ አገር ከሰል ልሻገር። ስለ ሴቶችና ስለ ከባድ ሥራ የተነሣው ክርክር የጠነከረው እዚያ ነውና።

በእንግሊዝ ሰሜናዊ ከተሞች በ1900 ግድም አንድ ልማድ ነበር። ከአገር አገር የሚዞሩ የትርኢት ነጋዴዎች ካሜራ አንሺ ይቀጥሩና ሠራተኞች ከፋብሪካ ሲወጡ ያስነሣሉ። ከዚያ «ኑና ራሳችሁን እዩ» ብለው ያስለፍፋሉ። ሠራተኛውም በገዛ ገንዘቡ ገብቶ ራሱን፣ ጎረቤቱንና የልጁን እጮኛ እያየ ይስቃል። ሚቸልና ኬንየን የተባሉት ሰዎች በብላክበርን ከተማ በዚህ ሥራ ይተዳደሩ ነበር፤ 800 ያህል ጥቅል ፊልማቸው በ1994 ከአንድ አሮጌ ሱቅ ምድር ቤት፣ በብረት በርሜሎች ውስጥ እንደታጨቀ ተገኝቷል። በእነዚህ ፊልሞች ሻሽ የተከናነቡ የጥጥ ፋብሪካ ልጃገረዶች ካሜራውን አይተው ይሽኮረመማሉ፣ ይገፋፋሉ፣ እጃቸውን ያውለበልባሉ። እዚህ ላይ ለካሜራው የሚከፍለው ራሱ የሚታየው ሰው ስለሆነ ፊቱም ሌላ ነው።

በ1910 ደግሞ ኪኔቶ የተባለው ኩባንያ ከአንድ የባቡር ኩባንያ ጋር ተባብሮ በላንካሸር ግዛት ዊጋን በተባለችው የከሰል ከተማ አንድ ፊልም ሠራ። ርእሱ «የከሰል ማዕድን ሠራተኛ አንድ ቀን» ነው። ርእሱ የሚናገረው ስለ ወንዱ ነው። ጠዋት ሚስቱንና ልጁን ተሰናብቶ ይወጣል፣ ከጓደኞቹ ጋር ወደ ጉድጓዱ ይወርዳል፣ ይቆፍራል። ከሰሉ ወደ ላይ ሲወጣ ግን ትዕይንቱ ይለወጥና ሴቶች ይመጣሉ። የከሰል ጋሪ ይገፋሉ። እየተጓዘ በሚመጣ ቀበቶ ግራና ቀኝ ቆመው ከከሰሉ መካከል ድንጋዩን እየለቀሙ ይጥላሉ። እንደገና ተሰብስበው ካሜራው ፊት ይቆሙና ይስቃሉ። ከትዕይንቱ በፊት የሚመጣው ጽሑፍ የጥቁሩ አልማዝ ሜዳ ቆነጃጅት እያለ ያሞግሳቸዋል። ማሞገስም ማላገጥም ነው።

እነዚህ ሴቶች እነማን ናቸው? በ1842 የእንግሊዝ ፓርላማ ሴቶችና ዕድሜያቸው ከአሥር ዓመት በታች የሆኑ ወንዶች ልጆች ከመሬት በታች እንዳይሠሩ በሕግ ከለከለ። ከዚያ በፊት ሴቶች በወገባቸው ሰንሰለት ታስሮ፣ በአራት እግራቸው እየዳሁ በጠባቡ ዋሻ ውስጥ የከሰል ጋሪ ይጎትቱ ነበር። አጣሪ ኮሚሽኑ ያወጣው ሥዕል አገሩን አስደንግጧል። ሕጉ ደግ ሕግ ነው። ግን ለተከለከሉት ሴቶች ሌላ እንጀራ አላዘጋጀላቸውም፤ ስለዚህ ብዙዎቹ ከጉድጓዱ ወጥተው በጉድጓዱ አፍ ላይ ቀሩ። የጉድጓድ አፍ ሴቶች የተባሉትም ለዚህ ነው። በዊጋን አካባቢ የነበሩት ሱሪ ይታጠቃሉ፤ በላዩ አጭር ቀሚስ ጠቅልለው ያስራሉ፤ ራሳቸውን በሻሽ ይሸፍናሉ፤ የሚጫሙት ሶሉ እንጨት የሆነ ጫማ ነው። ሴት ሱሪ መልበሷ ነውር በነበረበት ዘመን ይህ እንደ ትንግርት ይታይ ነበርና ፎቶግራፋቸው ለመታሰቢያ እየታተመ ይሸጥ ነበር። አርተር መንቢ የተባለ የለንደን ሰው ዕድሜውን ሙሉ ፎቶግራፋቸውን ሲሰበስብና ስለ እነሱ ማስታወሻ ሲጽፍ ኖሯል።

ክርክሩ ወዲህ ነው። በ1880ዎቹ እነዚህን ሴቶች ከጉድጓዱ አፍም ጭምር ለማስወጣት ጥረት ተደረገ። የሚከራከሩት ሰዎች ክፉዎች አልነበሩም። ሥራው ቆሻሻ ነው፣ ለሴት ጠባይ አይስማማም፣ ሱሪው ያሳፍራል ይሉ ነበር። ከማዕድን ሠራተኞች ማኅበራት ብዙዎቹ ክልከላውን ደግፈዋል፤ ሴት በርካሽ ስትሠራ የወንዱ ደሞዝ ይወርዳል የሚል ስጋት ነበራቸው። ስጋቱ መሠረት አልነበረውም ማለት አይቻልም። ዳሩ ግን ደሞዟ እኩል ይሁን ከማለት ትውጣ ማለት ቀለለ። በ1887 ሴቶቹ ራሳቸው ለንደን ድረስ ሄደው፣ የሥራ ልብሳቸውን ለብሰው፣ የአገር ግዛት ሚኒስትሩ ፊት ቀረቡ። ክልከላው ሳይጸድቅ ቀረ።

በ1911 ግን ጉዳዩ እንደገና ፓርላማ ገባ። ከላይ ያነሣሁት ፊልም ከተሠራ አንድ ዓመት ሊሆነው ነው ማለት ነው። ፊልሙን የዛሬ ሰው ሲያየው እንደ ደስ የሚል የቆየ ቅርስ ብቻ እንዳያልፈው የምፈልገው ለዚህ ነው። በቀበቶው ዳር ቆመው የሚስቁት ሴቶች ሥራቸው ሊወሰድባቸው የተቃረበ ሴቶች ነበሩ። በ1911 ክረምት እንደ ቀደሙት እህቶቻቸው ሁሉ ለንደን ሄዱ፤ ለሴቶች የመምረጥ መብት የሚታገሉትም ደገፏቸው። እንደገና አሸነፉ።

እንደ እኔ እንደ እኔ የዊጋኑ ፊልም ሠሪዎቹ ሳያስቡት ለሴቶቹ መስክሮላቸዋል። ተቃዋሚዎቻቸው ሥራው ሴቲቱን አዋርዷታል፣ ሰውነቷን ሰብሯል፣ ሴትነቷን ወስዷል ይሉ ነበር። ፊልሙ ላይ የምናየው ግን ክንዳቸው የጠነከረ፣ እርስ በርሳቸው የሚቀላለዱ፣ ካሜራውን ፊት ለፊት የሚያዩ ሰዎችን ነው። ይህን ስል ሥራው ቀላል ነበር ማለቴ አይደለም። የከሰል አቧራ ሳንባ ውስጥ ሲገባ አይታይም፤ ፊልሙ ድምፅ ስለሌለው የብረቱም ጩኸት አይሰማም። ደሞዛቸውም ከወንዶቹ ያነሰ ነበር። ይሁንና በዚያ አካባቢ ለድሃ ሴት የነበራት ሌላ ምርጫ በአብዛኛው የሰው ቤት ግርድና ወይም የተዘጋ የጥጥ ፋብሪካ ነው። እነሱም አመዛዝነው የመረጡት የጉድጓዱን አፍ ነው። ስለ ሴቶቹ ብዙ ሰው ተናግሯል፤ ሴቶቹን ጠይቆ የተናገረ ግን ጥቂት ነው። ፊልሙም ቢሆን የአንዷን ስም እንኳ አልጻፈም።

የፊልሙ መጨረሻ ሳይነገር አይለፍ። ሠራተኛው ወደ ቤቱ ይመለሳል፤ ከዚያ በኋላ የሀብታም ሰው ሳሎን ይመጣል፤ ቤተሰቡ ምቹ በሆነው ክፍል እሳት ዳር ተቀምጦ ይሞቃል። ጉድጓዱንና ሳሎኑን አንድ የከሰል ፍም አገናኛቸው። ፊልም ሠሪዎቹ ይህን የጨመሩት ለማስተማር ይሁን ለማስደሰት የፈለገው ይፈርደው፤ ለእኔ ግን ከብዙ ስብከት ይልቅ ይናገራል። በዚያው ዓመት ዲሴምበር 21 ቀን ከዊጋን ብዙ በማይርቀው ፕሪቶሪያ በሚባለው ጉድጓድ በደረሰ ፍንዳታ 344 ወንዶችና ልጆች ሞተዋል።

ስለ ልብ ወለድ ፊልሞች ብዙ አልልም። ከሁሉ ስሙ የሚነሣው አልቤር ካፔላኒ በ1913 ከኤሚል ዞላ መጽሐፍ የሠራው «ዠርሚናል» ነው። በዚያ ፊልም ካትሪን የተባለችው ልጅ እንደ ወንድ ለብሳ ከመሬት በታች የከሰል ጋሪ ስትገፋ ይታያል። ፊልሙ በወጣበት ጊዜ ግን የፈረንሳይ ሕግ ሴቶችን ከመሬት በታች መሥራት ከከለከለ 39 ዓመት ሆኖት ነበር። ልብ ወለዱ ሲኒማ የሴትን የጉልበት ሥራ የደፈረው ሥራው ያለፈ ታሪክ ከሆነ በኋላ ነው። በዚያው ሰዓት በጉድጓዱ አፍ ላይ ቆማ ከሰል የምትለቅመዋ የታሪክ ባለቤት ልትሆን አልታደለችም።

ከዚያ ጦርነት መጣ። በ1915 የመድፍ ጥይት ባለቀ ጊዜ፣ ለሴት ጠባይ አይስማማም ሲባል የኖረው ሁሉ በአንድ ቀን ተስማማ። በሺዎች የሚቆጠሩ የእንግሊዝ ሴቶች በብረት ፋብሪካና በጥይት መሙያ ቤቶች ገቡ፤ ካሜራውም ተከትሏቸው ገባ። ለካሜራው የሚከፍለው አሁን መንግሥት ነው። በ1917 «የጥይት ፋብሪካ ሠራተኛ አንድ ቀን» የተባለ ፊልም በኖቲንግሃም አቅራቢያ በቺልዌል ተነሣ። ርእሱ ከዊጋኑ ጋር ይመሳሰላል፤ አሁን ግን ቀኑ የሴቲቱ ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ እሷ ሆነች። ከሷ የሚበልጡ ጥይቶች በሰልፍ በቆሙበት አዳራሽ ውስጥ ስትሠራ እናያታለን።

የሚሞሉት ፈንጂ ቲ.ኤን.ቲ. ነበር። ይህ ነገር በእጅና በሳንባ ገብቶ ጉበት ይጎዳል፤ ቆዳንና ጸጉርን ቢጫ ያደርጋል። ሰፈሩ «ካናሪ ልጃገረዶች» ይላቸው ነበር፤ ካናሪ ቢጫ ወፍ ናት። በመርዙ የሞቱም አሉ። በፊልሙ ላይ ግን ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነውና ፊታቸው እንደማንኛውም ሰው ፊት ነው።

ቺልዌል ጁላይ 1 ቀን 1918 ፈነዳ። 134 ሰዎች ሞቱ፤ ከነዚህ ማንነታቸው የታወቀው 32ቱ ብቻ ናቸው። በሚቀጥለው ዓመት ከጦርነቱ በፊት የነበረው የአሠራር ልማድ እንዲመለስ የሚያዝ ሕግ ወጣና ሴቶቹ ከፋብሪካዎቹ ተሰናበቱ። የጉድጓድ አፍ ሴቶች ግን ማሽን እስኪተካቸው ድረስ ቆይተዋል፤ የመጨረሻዎቹ ከሰል ለቃሚ ሴቶች በካምበርላንድ ከሥራ የወጡት በ1972 ነው። የቺልዌሉን ፊልም ለንደን ውስጥ ኢምፔሪያል ዋር ሙዚየም አስቀምጦታል።